ነጥብ ዘጠኝ

«ቁስሎቹ አምስት ናቸው» ይላል የቀዶ ሐኪሙ ማስታወሻ። «ከቀኝ ጭን ጀርባ ተነስተው እስከ ባት ይወርዳሉ። እኩል ተራርቀው፣ ወደ አንድ ጎን አዘንብለው የተሰመሩ ናቸው። ሦስተኛው አጥንት ደርሷል።»

የሆስፒታሉ ኮድ ሰጪ ጣቷን በመጨረሻው መስመር ላይ እንደጫነች ቀረች። አሥራ ሰባት ዓመት የሌላ ሰው ደም በጽሑፍ ስታነብ ስለኖረች ደም አያስደነግጣትም። ያስደነገጣት የቁስሎቹ እኩል መራራቅ ነው። ድንጋይ እንዲህ አይቆርጥም፤ ቆርቆሮም፣ የተሰበረ ጠርሙስም እንዲህ አይቆርጡም። በዚህች የሐይቅ ዳር ከተማ የሰው ሥጋ እንደ ሽንኩርት የሚከትፍ ነገር አንድ ብቻ ነው፤ ከሞተር ጀልባ ኋላ፣ ከውሃው በታች የሚሽከረከረው ፕሮፔለር።

ወረቀቱን ገልብጣ «የጉዳቱ ምክንያት» የሚለውን ሳጥን አየች። «በሐይቅ ላይ የደረሰ አደጋ። ዝርዝሩ አልታወቀም። አብሮት የመጣው ሰው እንደተናገረው» ይላል፤ በዚያው ሐኪም እጅ፣ በዚያው ሰማያዊ እስክሪብቶ።

«አልታወቀም» አለች ለራሷ። ቃሉ አፏ ውስጥ የሻገተ ነገር የነከሰች ያህል ሆነባት።

ሥራዋ ለማስረዳት ቀላል፣ ለመሥራት አሰልቺ ነው። ሆስፒታሉ ያከመው ሰው ሁሉ ፋይሉ ወደ እሷ ጠረጴዛ ይመጣል፤ አደጋ ከሆነ ደግሞ በሽተኛው ገና ከአልጋው ሳይነሳ ይመጣል። እሷ ታነብና ጉዳቱን ወደ ቁጥር ትለውጠዋለች። ውሻ የነከሰው የራሱ ቁጥር አለው፣ ከመሰላል የወደቀም የራሱ። በጀልባ ለተጎዳ ሰው ቁጥሩ ቪ ዘጠና አራት ነው፤ ነገሩን የሚለየው ከነጥቡ በኋላ ያለው አሃዝ ነው። ነጥብ ሦስት ከሆነ የጎዳው የሞተር ጀልባ ነው። ነጥብ ስምንት ከሆነ ሞተር የሌለው ነው። ነጥብ ዘጠኝ ከሆነ ምን ዓይነት ጀልባ እንደሆነ አልታወቀም። በዚህ ሥራዋ የተነሳ «እመት ቁጥር» የሚል ስም ወጥቶላታል። መጀመሪያ ቀልድ ነበር፤ አሁን ግን የጽዳት ሠራተኞቹ እንኳ እውነተኛ ስሟን የሚያውቁት አይመስልም።

የፋይሉን ሽፋን አየች። ዕድሜ ስልሳ ስምንት። ሥራ፣ ጡረታ የወጣ የዋና መምህር።

ከተማው ውስጥ የዋና መምህር አንድ ነው። ግማሹን ከተማ ያስተማረ ሰው ነው፤ ባልዲ ውሃ የሚያስለቅሳትን የእሷን ልጅ ሳይቀር አገጯን በሁለት ጣቱ ደግፎ፣ «ውሃው አይጠላሽም፣ አንቺም አትጥይው» እያለ በሦስት ሳምንት አሳ አድርጓታል።

ይህን እያሰበች ሳለ ምክትል ሥራ አስኪያጁ ሳያንኳኳ ገባ። ምድር ቤት ወዳለው መዝገብ ክፍል ወርዶ የማያውቅ ሰው ነው። በእጁ የተቀቀለ እንቁላል ይዟል። ወንበር ስቦ ተቀመጠና እንቁላሉን ከጠረጴዛዋ ጠርዝ ጋር መታ መታ አድርጎ ይልጠው ጀመር።

«እህቴ፣ ሥራ እንዴት ይዞሻል?»

«ደህና ነው።»

«የዋና መምህሩ ፋይል ደርሶሻል አሉ።»

«እያነበብኩት ነው።»

«ምኑ ይነበባል? ዝጊው በቃ። ነጥብ ዘጠኝ ነው።» እንቁላሉን ለሁለት ነክሶ ግማሹን አስቀረው።

የሆስፒታሉን የአልጋ ብዛት ሲጠይቁት የሚንተባተብ ሰው ኮዱን እንደ ስልክ ቁጥር ሲጠራው ገረማት። «ቁጥሩን ከየት አወቁት?» አለች።

«ከአንቺ ነዋ» አለና ሳቀ። አስኳሉ የታች ጥርሱ ላይ ተለጥፏል። «አራት ዓመት ሙሉ የላክሽውን ሠንጠረዥ አይቼ። አንቺ እኮ ሳታውቂው ባለውለታችን ነሽ።»

ከኪሱ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ ዘረጋላት። የሐይቁ ዳር መዝናኛ ባለቤት ለከተማው ምክር ቤት የጻፈው ደብዳቤ ነው። አሥራ ሁለት ተጨማሪ የሞተር ጀልባዎች ለማስገባት፣ ጀልባዎቹም ዋናተኞች እስከሚዋኙበት ዳርቻ ድረስ እንዲጠጉ ፈቃድ ይጠይቃል። መሐል ላይ አንድ ዓረፍተ ነገር ተሰምሮበታል። «ከከተማው ሆስፒታል የተገኘው ማስረጃ እንደሚያረጋግጠው፣ ባለፉት አራት ዓመታት በሞተር ጀልባ የተጎዳ አንድም ሰው የለም።» ማስረጃው ተያይዟል። ማስረጃው የእሷ ሠንጠረዥ ነው። በነጥብ ሦስት ረድፍ ላይ አራት ዜሮዎች እንደ እንቁላል ተደርድረዋል፤ ከሥራቸው የራሷ ፊርማ።

«ባለቤቱ የቦርድ አባላችን መሆኑን ታውቂያለሽ» አለ ምክትሉ። «ጉባኤው ነገ ጠዋት ነው። የዘንድሮው ቁጥር ዛሬ እስከ አሥር ሰዓት ይፈለጋል። አዲስ ነገር አድርጊ አላልኩሽም። የለመድሽውን አድርጊ።»

ቅርፊቱን በመዳፉ ጠራርጎ ወደ ቅርጫቱ ጣለ። ያመለጡት ፍርፋሪዎች ፋይሉ ላይ ወደቁ። ጎንበስ ብሎ እፍ ቢላቸው አንዱ እርጥብ ስለነበር «ሦስተኛው አጥንት ደርሷል» ከሚለው መስመር አጠገብ ተጣብቆ ቀረ። ሳያየው ወጣ።

ቅርፊቱን በወረቀት ጫፍ ፋቀችው። ከዚያ ወረቀቱን ጣለች፤ እጇንም ታጠበች። መጸየፏ ግን ከእጇ አልፎ ነበር። «የለመድሽውን አድርጊ» ያላት ሰውዬ ውሸት አልተናገረም።

ሐኪሞች ችኩል ናቸው። «የውሃ አደጋ» ብለው ይጽፉና ያልፋሉ። ምን ዓይነት ጀልባ እንደሆነ ለማወቅ ነርሶች የጻፉትን መፈለግ፣ ካልተገኘ ለሐኪሙ የጥያቄ ቅጽ መላክ፣ ሐኪሙ ካልመለሰ ደግሞ መመላለስ አለ። በቀን አርባ ፋይል የሚጠበቅባት ሰው ለአንዱ እንዲህ ስትለፋ ሌሎቹ ይከመራሉ። ዘጠኝ ብትጽፍ ግን ማንም አይጠይቃትም። መጀመሪያ ሲቸግራት ነበር የምትጽፈው። ቀስ በቀስ ሳይቸግራትም እጇ ለመደው።

ኮምፒውተሩ በአራት ዓመት ውስጥ አሥራ አራት ነጥብ ዘጠኝ እንደሰጠች ነገራት። ፋይሎቹን ከመደርደሪያው አወረደቻቸውና አንድ በአንድ ገለጠቻቸው።

ዳር ላይ ልብስ የምታጥብ ሴት፣ ሦስት ጣት። የሌሊት ተረኛዋ ነርስ «የሞተር ጀልባ ገጭቷት» ብላ ጽፋለች። መረብ ሲስብ የነበረ አሳ አጥማጅ፣ ትከሻውና አንገቱ። «ሞተሩ ሳያየኝ መጣ ይላል።» ባሏ እያየ የተመታች የአንድ ወር ሙሽራ፤ እሷ ሞታለች። በዚህኛው ፋይል ላይ «ሞተር» የሚለው ቃል አራት ቦታ ተጽፏል፤ አንዱ ቦታ ላይ እንዲያውም ከሥሩ ተሰምሮበታል። በዚያው ገጽ ግርጌ በራሷ የተጣራ እጅ ጽሑፍ «94.9» የሚል አለ። የዘጠኙ ጭራ በደንብ ተጠቅልሏል። በጽሕፈቷ የምትኮራ ሰው ነበረች።

ከአሥራ አራቱ በአሥራ አንዱ ላይ ነገሩ ተጽፎ አገኘችው። ፋይሎቹን ዘግታ ቀጥታ ወደ ቀዶ ሕክምና ክፍል ወጣች።

የዋና መምህሩ ስድስተኛው አልጋ ላይ በሆዱ ተኝቷል። እግሩ ላይ ብርድ ልብሱ እንዳይነካው የሽቦ ድጋፍ ተደርጎለታል። ከመድኃኒቱ ሽታ ሥር ሌላ ጣፋጭ የሚመስል ሽታ አለ፤ የምን እንደሆነ ላለማወቅ ሞከረች።

«አፍንጫሽን ያዢ፣ አልቀየምም» አለ መምህሩ። «እኔም ባልለምደው እይዝ ነበር።»

«ጋሼ፣ እንዴት ነዎት?»

«እኔ ጡረታ የወጣሁት በስልሳ ነው። እግሬ ዘንድሮ ሊከተለኝ ነው መሰለኝ። ይቆረጥ አይቆረጥ እያሉ እያዩት ነው።»

ከአልጋው አጠገብ ባለው በርጩማ ላይ ተቀመጠች። ምን ብላ እንደምትጀምር ስላላወቀች በቀጥታ ጠየቀችው። «ምን መታዎት?»

መምህሩ አንገቱን አዙሮ በደንብ አያት። «ይህን ስትጠይቂኝ አንቺ የመጀመሪያዋ ነሽ» አለ። «ሐኪሙ የት የት ያምምሃል አለኝ። ነርሷ ዕድሜዬን ጠየቀችኝ። ከመዝናኛው የመጡት ደግሞ ጭራሽ አልጠየቁኝም፤ ነገሩኝ እንጂ። ድንጋይ ነው የመታህ አሉኝ።»

«እርስዎስ ምን አሏቸው?»

«አርባ ዓመት የዋኘሁበት ውሃ ነው፤ ድንጋዮቹን እንደ ጎረቤት አውቃቸዋለሁ አልኳቸው። ከኋላ አባርሮ የሚመታ ድንጋይ ግን አላውቅም።»

ከዚያ ነገራት። ቅዳሜ ጠዋት ለዋናተኞች ከተዘረጋው ገመድ ሳይወጣ ነበር የሚዋኘው። ሞተሩን ሰምቶታል፤ ግን ውሃ ውስጥ ድምፅ ከየት እንደሚመጣ አይለይም፣ ከሁሉም በኩል ነው የሚመጣው። ገመዱን አልፎ የመጣው የመዝናኛው ነጭ ጀልባ ነው። ከመታው በኋላ ዞሮ ተመለሰና ሞተሩ ቀዝቀዝ አለ። ላዩ ላይ መጠጥ የያዙ እንግዶች ነበሩ።

«አንዷ አለቀሰች» አለ መምህሩ። «መሪውን የያዘው ጎረምሳ ግን ‹በፎጣ ጠቅልሉት፣ ወንበሩን እንዳያበላሸው› ሲል ሰማሁት። እግሬ ያመመኝ ያኔ አይደለም፣ በኋላ ነው። ያኔ ያመመኝ ይሄ ነው። ነጭ ወንበር ነበር።»

የብርድ ልብሱን ጫፍ አስተካከለችለት፤ መስተካከል አያስፈልገውም ነበር።

«ባልሽ ትናንት ማታ መጥቶ ነበር» አለ መምህሩ።

«የኔ ባል?»

«ሜካኒኩ ነዋ፣ ስንት ባል አለሽ? ብርቱካን ይዞልኝ መጣ። እዚያ ግርጌ ቆሞ ‹ይቅር ይበሉኝ› አለኝ። ‹ምን አድርገኸኝ?› ብለው ብርቱካኑን አስቀምጦ ሄደ።»

ባሏ በመዝናኛው የጀልባ ሞተር ጠጋኝ ነው። ቅዳሜ ወደ ቤት ሲመለስ እጁን በሳሙና፣ ከዚያ በልብስ ዱቄት፣ ከዚያ እንደገና በሳሙና ታጠበ። ራቱን በሹካ ሲገፋው ቆየና ሳይበላ ተነሳ። «ፕሮፔለር ላይ መረብ ተጠምጥሞ ሲያለፋኝ ዋለ» ነበር ያላት። እሷም «ትንሽ ቅመስ እንጂ» ብላ ሳህኑን አነሳች። በዚያ እጅ ነው እሁድ ጠዋት ለልጃቸው ዳቦ የቆረሰላት።

ከሆስፒታሉ ወጥታ ታክሲ ያዘች።

መዝናኛው በፊት ለፊት በኩል የታጨደ ሣርና ጃንጥላ ነው፤ በጀርባው ግን ነዳጅና የበሰበሰ አሳ ይሸታል። ባሏ በብረት እግሮች ላይ ከተሰቀለ ጀልባ ሥር በጀርባው ተኝቶ ብሎን ይፈታል። ጫማዋን አይቶ አወቃትና ተንፏቅቆ ወጣ።

«ምነው? ልጅቷ ምን ሆነች?»

«ልጅቷ ደህና ናት። ቅዳሜ ምን አጠብክ?»

በእጁ የያዘውን መፍቻ አየው። ከዚያ መሬት ላይ አስቀመጠው፤ ድምፅ እንዳያሰማ ቀስ ብሎ።

«ውሻ ነው አሉኝ» አለ። «ውሻ ገጭተናል፣ ከሰዓት እንግዳ ስላለ ቶሎ እጠበው አሉኝ።»

«አመንካቸው?»

«ውሻ ቁምጣ አይለብስም።»

ሁለቱም ወደ ሐይቁ ዞሩ። ሩቅ የማይሰማ ጀልባ ነጭ መስመር እያሰመረ ያልፋል።

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ምን ብዬ ልንገርሽ? ራት ላይ ነው የምነግርሽ? ልጅቷ ፊት?» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ከጠየቁኝ አልዋሽም፣ ካልጠየቁኝ አልናገርም ብዬ ለራሴ ቃል ገባሁ።»

ይህን ሲል ፊቱ ላይ መትፋት አማራት። አሥራ አምስት ዓመት አብራው ኖራለች፤ የእጁን ቅባት፣ የአንገቱን ላብ አንድም ቀን ተጸይፋ አታውቅም። አሁን ግን ጥፍሩ ሥር ያለው ጥቁር ነገር ግራሶ መሆኑን እያወቀች ማየት አቃታት። አንድ እርምጃ ራቀች። ምራቋ ግን ወደ ራሷ ጉሮሮ ተመለሰ። እሱ አንድ ጊዜ በውሃ ቱቦ ያጠበውን እሷ አሥራ አንድ ጊዜ በእስክሪብቶ አጥባለች፤ እሱ ቢያንስ ራቱን መብላት አቅቶታል። እሷ ያቺን ሙሽራ ዘጠኝ ሰጥታ በማግስቱ ምን እንደበላች እንኳ አታስታውስም።

«እኔም ካንተ አልሻልም» አለችና ስለ ደብዳቤው፣ ስለ ዜሮዎቹ፣ ስለ ፋይሎቹ ነገረችው። ስትጨርስ ባሏ ወደ መሣሪያ ሳጥኑ ሄዶ የላይኛውን መሳቢያ አነሳና ከሥሩ በላስቲክ የተጠቀለለ ነገር አወጣ። በላስቲኩ ውስጥ መዳፍ የምታክል ሰማያዊ ጨርቅ ትታያለች። ጨርቋ ላይ የተጣበቀውን ሁለተኛ ማየት አልፈለገችም።

«ልጥለው ብዬ ሁለት ጊዜ እስከ ቆሻሻው ሄጃለሁ» አለ። «አልቻልኩም። ለማን እንደምሰጠው ደግሞ አላወቅሁም።»

«ለእኔ ስጠኝ።»

«ከየት አመጣሽው ቢሉሽስ?»

«ምን ልበል?»

ባሏ ፊቱን በክንዱ ጠረገ። ከሣሩ በኩል የእንግዶች ሳቅ ይሰማል። ከዚህ ቦታ ከወጣ ሌላ ጠጋኝ የሚፈልግ ሐይቅ በአቅራቢያው እንደሌለ ሁለቱም ያውቃሉ።

«ከባሌ በይ» አለ በመጨረሻ። «ስሜን ንገሪያቸው።»

ቀዶ ሐኪሙን ያገኘችው ኮሪደር ላይ ነው። ወጣት ነው፤ ዓይኑ በእንቅልፍ እጦት ቀልቷል። የጥያቄ ቅጹን ስትሰጠው ሳያነብ መለሰላት።

«አብሮት የመጣው ሰው የነገረኝን ጽፌያለሁ። እኔ ሐኪም እንጂ መርማሪ አይደለሁም፣ እመት ቁጥር።»

«ቁስሉንስ ማን ነገረዎት?»

«ምን ማለት ነው?»

«አምስት ቁስል፣ እኩል ተራርቀው ብለው ጽፈዋል። እሱን አብሮት የመጣው ሰው ነው የነገረዎት?»

ሐኪሙ ግራ ቀኝ አየ። ክፍሉን ከፍቶ አስገባትና በሩን ዘጋ። ላስቲኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችለት። በመቆንጠጫ ገለጥ አድርጎ አየና መልሶ ሸፈነው። ሽታው በትንሿ ክፍል ውስጥ ቆመ።

«ከየት መጣ?»

«ከፕሮፔለሩ። ያጠበው ባሌ ነው። ስሙን ጻፉ ብሏል። መምህሩም ራሱ ነግሮኛል።»

«ስሰፋው አውቄያለሁ» አለ ሐኪሙ። «ሠላሳ ሰባት ስፌት ነው። ተማሪ ሳለሁ መጽሐፍ ላይ እንደዚህ ያለ ሥዕል አይቻለሁ፤ ልክ እንደ ሥዕሉ ነው። ከጻፍኩ ፍርድ ቤት ያመላልሱኛል ብዬ ነው። የቦርድ አባሉም አለ። ደግሞ ታክሞ ይድን እንጂ ምክንያቱ ለእሱ ምን ይጠቅመዋል አልኩ።»

ሁሉም ያውቅ ነበር ማለት ነው። ያጠበውም፣ የሰፋውም፣ ኮድ ሰጪዋም። ያልታወቀ ነገር አልነበረም። ሐኪሙ እስክሪብቶ አውጥቶ ከቅጹ ጋር በያዘችው ፋይል ላይ የቀድሞውን መስመር ሰረዘና ከጎኑ ጻፈ። «በሞተር ጀልባ ፕሮፔለር የተቆረጠ። ከቁስሉ ቅርጽ እንደሚታየውና በሽተኛው ራሱ እንደተናገረው።» ከመፈረሙ በፊት ወደ እሷ ቀና አለ። «በእርግጥ ተናግሯል?»

«ሄደው ይጠይቁት። ስድስተኛው አልጋ ነው።»

ሐኪሙ ፋይሉንና ቅጹን ይዞ ሄደ። ከሩብ ሰዓት በኋላ ፈርሞ አመጣላት፤ ፊቱ በጥፊ የተመታ ይመስላል። ላስቲኩን በናሙና ዕቃ ከትቶ ስምና ቀን ጻፈበት።

ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ጠረጴዛዋ ላይ ነበረች። መምህሩን ነጥብ ሦስት ሰጠችው። ከዚያ አሥራ አራቱን አነሳች። በሦስቱ ላይ ምንም የተጻፈ ስላልነበር ዘጠኝነታቸውን ተወችላቸው፤ የማታውቀውን አውቃለሁ ልትል አልፈለገችም። አሥራ አንዱን አረመች። አዲሱ ሠንጠረዥ ሲወጣ በነጥብ ሦስት ረድፍ የአምስቱ ዓመት ድምር አሥራ ሁለት ሆነ። በየዓመቱ እንደምታደርገው ለከተማው ጽሕፈት ቤት፣ ግልባጩን ለምክትሉ ላከች።

ምክትሉ ለመውረድ አምስት ደቂቃ አልፈጀበትም።

«ምንድን ነው ይሄ?» አለ የታተመውን ሠንጠረዥ እያርገበገበ።

«የጠየቁኝ ቁጥር ነው።»

«እኔ አሥራ ሁለት ሰው ጠየቅሁሽ?» ወንበሩ ላይ ተቀመጠ፤ ተነሳ፤ መልሶ ተቀመጠ። ቁጣው እንደማያዋጣው ሲያይ ፊቱን አለሰለሰ። «እሺ፣ ስሚኝ እህቴ። ዘጠኝ ሞት መጣ ቢሉት አንዱን ግባ በሉት አለ አሉ። የመምህሩ ይግባ፣ ሐኪሙም ፈርሟል። የድሮዎቹን ግን ተያቸው። የሞተ ሞቷል፣ የዳነም ድኗል።»

«ተልኳል።»

«ምኑ?»

«ሠንጠረዡ። ከተማው ጽሕፈት ቤት ደርሷል።»

ምክትሉ ግንባሩን አሸ። ዓይኑ ከፊቷ የተቆለሉት የእርማት ቅጾች ላይ ዐረፈ። አንድ ኮድ ሲለወጥ አንድ ቅጽ ይሞላል፤ የድሮው ቁጥር፣ አዲሱ ቁጥር፣ የስህተቱ ባለቤት፣ የስህተቱ ምክንያት። በደንቡ መሠረት በዓመት ከሦስት በላይ የራሱን ስህተት ያስመዘገበ ኮድ ሰጪ ከቦታው ይነሳል። ከፊቷ ያሉት አሥራ አንድ ናቸው።

«ይህን ቅጽ ስትሞዪ ምን እንደሚደርስብሽ ታውቂያለሽ አይደል?» አለ። ድምፁ አሁን ለስላሳ ነው። «ከነገ ወዲያ መስኮት ላይ ካርድ ስትሰጪ ነው የማገኝሽ። ባልሽም እዚያ ነው የሚሠራው አሉ፣ አይቆይም እንግዲህ። ልጅ አላችሁ።»

«አለችን።»

«እንግዲያው ቀላል መንገድ ላሳይሽ። ምክንያት የሚለው ላይ ‹የሲስተም ብልሽት› ብለሽ ሙዪ። ባለቤት የሚለውን ባዶ ተዪው። ቁጥሩ እንዳረምሽው ይቆያል፣ አንድም አልነካብሽም። አንቺም ቦታሽ ላይ ትቆያለሽ። ማንም አይጎዳም።» ትከሻዋን በመዳፉ መታ መታ አደረገ። ቅድም እንቁላል የላጠበት እጅ ነው።

ትከሻዋን ሳታንቀሳቅስ አሰበችበት። አሰበችበት የሚለው ቃል ሐሰት አይደለም፤ የልጇን ትምህርት ቤት፣ የባሏን ባዶ የመሣሪያ ሳጥን፣ መስኮት ላይ ቆሞ መዋልን፣ ሁሉንም በየተራ አሰበች። ለመምህሩም ሆነ ለዚያች ሙሽራ ምክንያቱ ምን ተብሎ ቢጻፍ የሚጨምርላቸው ነገር ያለ አልመሰላትም። እስክሪብቶዋን አንስታ «የ» የሚለውን ፊደል ልትጽፍ ነበር። ከዚያ ነገ ጠዋት በጉባኤው ላይ ምን እንደሚባል ጆሮዋ ውስጥ ሰማችው። ሲስተሙ ተበላሽቶ ነበር፣ ሆስፒታሉ ራሱ አምኗል፣ እንግዲህ አሥራ ሁለትም ዜሮም አይታመንም፣ ጉዳዩ እስኪጣራ ፈቃዱ ይሰጥ። ሰውዬው ቁጥሩን አልነካም፤ ሊያበሰብሰው ፈልጎ ነው።

«እጅዎን ያንሱልኝ» አለች።

«ምን?»

«ትከሻዬ ላይ ያለውን እጅዎን።»

አነሳው። ጥቂት ቆመና ሠንጠረዡን አጣጥፎ ኪሱ ከቶ ወጣ። እርምጃው ደረጃው ላይ እስኪጠፋ ጠበቀች።

የመጀመሪያው ቅጽ የሙሽራዋ ነበር። የስህተቱ ባለቤት በሚለው ላይ ሙሉ ስሟን ከነአባቷ ጻፈች። ምክንያት የሚለው ሳጥን ጠባብ ነው፤ «የጽሕፈት ስህተት» ብቻ እንዲበቃው ተደርጎ የተሠራ ይመስላል። ፊደሎቿን አሳንሳ ጀመረች። «ፋይሉን አንብቤ፣ ሞተር የሚለውን አይቼ፣ ዘጠኝ ጻፍኩ።» አልበቃትም፤ የመጨረሻው ቃል ከሳጥኑ ወጥቶ ኅዳጉ ላይ ዐረፈ። እንዲያጥር አላደረገችውም። ቅጹን ወደ ጎን አስቀመጠችና የአሳ አጥማጁን ሳበች።